ከሰኞ ገበያ ለለቅሶ የመጣው ሰው

ይህ የሆነው ባለፈው ዓመት ክረምት ሊገባ ሲል ነው። ታላቅ ወንድሜን ሰይድን ያጣሁበት ጊዜ ስለሆነ አይረሳኝም። አንድ የማላውቀው ሰው ያደረገልኝንም አልረሳውም። ስጽፈው አሁንም ይከብደኛል።

ሰይድ አናጢ ነበር። እኔም አሥራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሼ ከእሱ ጋር እሠራ ነበር። ኮምቦልቻ ውስጥ ለአንድ እንግዳ ማረፊያ የሳንቃ በረንዳ ሥራ ይዘን ነበር። በመዶሻ ሲዘገይብን፣ ሚስማር መተኮሻ ማሽን እንድገዛ ደሴ፣ ሰኞ ገበያ ላከኝ።

ባለሱቁ ጠና ያሉ ሰው ናቸው። ሁለት ዓይነት አወጡልኝ።

"ለወለል ከባዱን ውሰድ። ቀላሉ ሚስማሩ ቀጭን ነው፣ ለኮርኒስ ነው የሚሆነው" አሉኝ።

ከባዱን ባነሳው ክንዴ ዛለ። ቀኑን ሙሉ የምይዘው እኔ ነኝ ብዬ ቀላሉን ወሰድኩ።

በማግስቱ ሰይድ ሁለት ሳንቃ መታበት። በእጁ ሳብ ቢያደርገው አንዱ ተነሳ። ሳቀብኝ።

"እንግዶቹ ከነሳንቃው ይውረዱ ነው የምትለው? ክብደቱን ፈርተህ ነው አይደል፣ አንተ ሰነፍ!"

እኔ ሄጄ ልቀይረው ብለው እምቢ አለኝ። ለባለሱቁ ደውሎ፣ ማሽኑን ይዞ ሚኒባስ ተሳፈረ። ደሴ አልደረሰም። መኪናው መንገድ ላይ ተገለበጠ።

የዚያኑ ዕለት ቀበርነው። በማግስቱ ባለሱቁ ለቅሶ መጡ። ሰይድ ሳይመጣ ሲቀርባቸው መልሰው ደውለው ነው የሰሙት።

አጎቴ "ለመሆኑ ደሴ ምን አስኬደው?" እያለ ይጠይቃል። እኔ አንገቴን ደፍቻለሁ።

"ጥፋቱ የኔ ነው" አሉ ባለሱቁ። "ይሄ ልጅ የጠየቀኝን ትቼ ሌላ ማሽን ሰጠሁት። ወንድሙ ሊቀይረው ሲመጣ ነው።"

አጎቴ ብድግ አለ። "አንተ ነሃ ያስበላኸው!" አላቸው። ሌላም ብዙ አላቸው። ሰውየው አንድም ቃል አልመለሱም።

ሲወጡ ትከሻዬን ያዙኝ። "አንተ ገና ልጅ ነህ። እኔ እችለዋለሁ" ብለውኝ ሄዱ።

ያን ሌሊት አልተኛሁም። ወንድሜን መመለስ አልችልም። እኚህ ሰው ግን በእኔ ጥፋት ሲረገሙ ሊኖሩ ነው።

ጠዋት እናቴ ሰግዳ ስትነሳ አጠገቧ ተቀመጥኩ።

"እማ፣ ሰውየው ከባዱን ማሽን ውሰድ ብለውኝ ነበር። እምቢ ያልኩት እኔ ነኝ።"

"ታዲያ ምነው ዝም ብለው ተሰደቡ?"

"ለእኔ ብለው።"

አለቀሰች። እጄን ግን አልለቀቀችም። "አላህ ይስጣቸው። በል፣ ለአጎትህም ንገረው" አለችኝ።

ወጣሁ። ድንኳኑ ውስጥ ሰው ተሰብስቦ ነበር። አጎቴ ፊት ቆሜ፣ ሁሉም እየሰማ፣ ነገርኩት።