የኦቦ ቶላ በር

ዛሬ ጊንጪ ላይ የኦቦ ቶላን ሻይ ቤት ግድግዳ ግንበኛ በአስፋልቱ በኩል ሲያፈርሰው ቆሜ አየሁ።

ኦቦ ቶላ ጎረቤታችን ነበሩ። ባቡር ሊመጣ ነው ተብሎ መሐንዲሶች ከጓሯቸው ባለው ማሳ ላይ ችካል ሲተክሉ፣ እሳቸው ሻይ ቤታቸውን በሩን ወደ ማሳው አዙረው ሠሩት። ጣቢያው እዚያ ነው የሚሆነው ብለው።

ለአስፋልት ጀርባውን የሰጠ ሻይ ቤት ሌላ አገር ያለ አይመስለኝም። ደንበኛ በጭቃ ዞሮ ነበር የሚገባው።

"ኦቦ፣ በሩን ለምን አያዞሩትም?" ስንላቸው "ተሳፋሪው በየት ይግባ?" ይሉናል። ችካሉ በስብሶ ማሳው ጤፍ ሲዘራበትም መልሳቸው ያው ነበር። ማታ ማታ በሩ ላይ ወንበር አውጥተው ማሳውን ያያሉ።

ባለፈው ወር ቀበርናቸው።

ዛሬ ባለቤታቸው አዴ ጫልቱ በመንገዱ በኩል በር አስከፈቱ። ግንበኛው "የድሮውን ልድፈነው?" ብሎ ጠየቃቸው።

"ድፈነው" አሉት። ወዲያው ደግሞ በኦሮምኛ "ቱሪ" አሉትና፣ "ቆይ፣ መጀመሪያ ወንበራቸውን ላስገባ።"

በእናንተስ ከተማ ባቡሩን እየጠበቀ የሞተ ሰው አለ?