ኢላንጎ እምቢ ያለ ዕለት

ኢላንጎ ወደ ፊልም ሥራ የገባው ሻይ በማመላለስ ነው። በደቡብ ህንድ ማዱራይ አጠገብ ካለች ትንሽ ከተማ ተነሥቶ፣ የታሚል ፊልም ወደሚሠራባት ወደ ቼናይ ሲገባ ገና ጢሙ በቅጡ አላበቀለም። አንድ ስመ ጥር ዳይሬክተር ዘንድ ደጅ ጠንቶ ረዳት ተብሎ ተቀጠረ። ረዳትነቱም ጃንጥላ መያዝ፣ ሻይ ማቅረብና ተዋናይት ስታኮርፍ መለማመጥ ነበር። እንዲህ እያለ ዓመታት ነጎዱ። በመጨረሻ የራሱን ፊልም ሲያወጣ ሰው ሲኒማ ቤቱን አጨናነቀው፤ ስሙ በየግድግዳው ተለጠፈ፤ እናቱም ሰፈሩን ሁሉ አስከትላ ሄዳ አየች። ሁለተኛው ፊልም እንደ ነገሩ ሆነ። ሦስተኛው ግን፣ ዋናው ተዋናይ ተጣልቶ ጥሎት ስለሄደ በጅምር ቀረ።

ለማንም ያልነገረው አንድ ነገር ነበረው። ቀረጻ ባለበት ቀን ሁሉ ጠዋት ጠዋት ያስመልሰዋል። ያ ሁሉ ሠራተኛ ቆሞ «ቀጥሎስ?» በሚል ዐይን ሊያየው እንደሆነ ሲያስብ ሆዱ ይገለበጣል። ድምፁ እንዳይሰማ ቧንቧ ከፍቶ ያስመልስና፣ ፊቱን ታጥቦ፣ ጥቁር መነጽሩን አድርጎ ይወጣል። ሠራተኛው «ኮስታራ ሰው ነው» ይለዋል። ኮስታራ አልነበረም፤ አፉን ቢከፍት ምን እንደሚወጣ ስለማያውቅ ነበር ዝም የሚለው።

ሚስቱ ማላር ነርስ ናት። አሜሪካ፣ ሳን ሆዜ ሥራ ስታገኝ «ለጥቂት ወር ብቻ» ብሎ ተከትሏት መጣ። ጥቂቱ ወር ዘጠኝ ዓመት ሆነ። ምን ትሠራለህ ላለው ሁሉ «የሚቀጥለውን ፊልሜን እየጻፍኩ ነው» ይላል። አልዋሸም፤ ይጽፋል። ታሪኩ ሴት ልጁን ስለሚድር አባት ነው። አባትየው ልጁን ሲሸኝ የሚናገረውን ንግግር ብቻ ስንቴ ጽፎ ስንቴ እንደሰረዘው እሱም አያውቀው።

ናዖድን ያወቀው እዚያው ሳን ሆዜ፣ አንድ የታሚል ሰርግ ላይ ነው። ናዖድ አዲስ አበባ ያደገ፣ ኦክላንድ የሚኖር የሰርግ ቪዲዮ ቀራጭ ነው። ኢላንጎ በእንግድነት ተቀምጦ ሲያየው አላስችል አለውና ጠጋ ብሎ፣

«ታምቢ፣ ብርሃኑን ከጀርባቸው አድርገኸዋል። ፊታቸው ይጠቁርብሃል» አለው። ታምቢ በታሚልኛ ታናሽ ወንድም ማለት ነው።

ናዖድ ካሜራውን አዞረ። ስክሪኑን አየ፤ ቀና ብሎ ሽማግሌውን አየ።

«ጋሼ፣ ቅዳሜ ቢዚ ነዎት?» አለው።

ከዚያ ወዲህ ኢላንጎ የናዖድ ሁለተኛ ካሜራ ያዥ ሆነ። የሐበሻ ሰርግ ተመቸው። እዚህ «አክሽን» እስኪል የሚጠብቅ ሰው የለም። ሚዜዎቹ በር ላይ ይከራከራሉ፤ እናቶች እልል ይላሉ፤ የእሱ ፋንታ እንዳያመልጠው መሮጥ ነው። ሆዱም ዝም አለ። ዝም ማለቱን ግን ልብ ብሎ አላየውም።

ባለፈው ሰኔ ከቼናይ ስልክ ተደወለ። ፕሮዲዩሰር ነው።

«ኢላንጎ፣ የላክህልኝን የአባትና የልጁን ታሪክ አነበብኩት። እንሥራው። ተዋናዩ እሺ ብሏል፤ የቀረኸው አንተ ነህ። እስከ እሑድ መልስህን አሳውቀኝ።»

ኢላንጎ እንደ ልጅ ዘለለ። ለማላር ሲነግራት «እንኳን ደስ ያለህ» ብላ አቀፈችውና፣ ወዲያው ዞር ብላ የታጠበ ሰሃን እንደገና ታጥብ ጀመር። በማግሥቱ ጠዋት አስመለሰው። ምግብ ነው አለ። በሦስተኛውም ቀን አስመለሰው። ቧንቧውን ከፈተ።

እሑድ ኦክላንድ ሰርግ ነበራቸው። ሙሽራዋ ሩቲ ትባላለች። አባቷ አቶ አሳምነው ከኦክላንድ ወደብ ኮንቴነር የሚያመላልስ የከባድ መኪና ሾፌር ነው፤ በባሕርዩ ቃል አይበዛውም። ሙሽራው መጥቶ ቤቱ ሲናወጥ፣ ናዖድ በሩ ላይ ሲሯሯጥ፣ ኢላንጎ ወጥ ቤቱ አጠገብ ቆሞ ነበር። አባትየው ጥግ ይዞ ከከረባቱ ጋር ይታገላል። ሩቲ ቬሏን ሰብስባ መጣች፤ እጁን ገለል አድርጋ ታስርለት ጀመር። ኢላንጎ ካሜራውን ቀስ ብሎ አዞረ።

አባትየው ኢላንጎ በማይገባው አማርኛ አንድ ነገር ጠየቃት።

«ፉል ታንክ፣ ዳድ» አለችው።

ደግሞ ጠየቃት። ራሷን በአዎንታ ነቀነቀች። አቶ አሳምነው በዚያ በወፍራም ጣቱ ቬሏን አስተካከለላት፤ ከዚያ እጇን ይዞ ወደ ሰው ወጣ።

ሰርጉ አልቆ ዕቃ ወደ መኪና ሲጭኑ ኢላንጎ ቀረጻውን አሳየው። «ሩቲ ፉል ታንክ ያለችው ምን ብሏት ነው?»

ናዖድ ማዳመጫውን ጆሮው ላይ አድርጎ ሰማና ሳቀ። «መኪናው ነዳጅ አለው ወይ ነው ያላት።»

«ሌላስ?»

«ጎማው ቼክ ተደርጓል?»

«ከዚያስ?»

«ከዚያማ ምንም አላላትም፣ ጋሼ። በቃ።»

ኢላንጎ መኪናው ጫፍ ላይ ቁጭ ብሎ ሳቀ። እየሳቀ እንባው መጣ። ዘጠኝ ዓመት ሲጽፍ ሲሰርዝ የኖረውን ንግግር ሰውየው በነዳጅና በጎማ ጨረሰው! እሱ ዳይሬክተር ሆኖ ቢቆም ኖሮ «እንደገና» ይል ነበር። ደግሞም እንደገና። እዚህ ማንም እንደገና አላለም። ደግሞ ቀኑን ሙሉ ያልታወቀው ነገር አሁን ታወቀው፤ ጠዋት ቤቱ ያስመለሰው ሰው ሰርጉ ላይ ሁለት ጊዜ ተነሥቶ በልቷል።

እዚያው ሆኖ ወደ ቼናይ ደወለ። እዚያ ሰኞ ነግቷል።

«እኔ አልሠራውም» አለ። «ካያል ትሥራው።» ካያል በሦስተኛው ፊልም ረዳቱ የነበረች ልጅ ናት፤ ዛሬ ራሷ ዳይሬክተር ሆናለች። «ታሪኩን ለእሷ እሰጣታለሁ። የአባትየውን ንግግር ግን ታውጣው።»

«ምን ነካህ? አመመህ እንዴ?»

«ኧረ እንዲያውም ተሻለኝ።»

ስልኩን ከዘጋ በኋላ ጸጸቱን ጠበቀ። መጣ፤ ሆዱን ሳይሆን ደረቱን ትንሽ ወጋ አደረገው። ሃይዌይ ላይ ትራፊክ ይዟቸው ቆመው ሳለ ናዖድ በጎን እያየው «አይቆጭዎትም?» አለ።

«ይቆጨኛል። ግን እርቦኛል» አለ ኢላንጎ።

ቤት ሲደርስ ማላር ከሥራ ገብታ ዩኒፎርሟን ሳትቀይር ሶፋው ላይ ተቀምጣ አገኛት። ነገራት።

«ለእኔ ብለህ ነው?»

«አይደለም። ማላር፣ እኔ ቀረጻ ባለ ቀን ሁሉ...»

«ያስመልስሃል።»

«ታውቂ ነበር?»

«ይሄን ሁሉ ዘመን ነርስ አግብተህ፣ በቧንቧ ውሃ የምትደብቀኝ መሰለህ?» አለች። ሳቋ መጣ፤ ከሳቋ ኋላ እንባዋ። «ልትሄድ ነው ብዬ እኮ ስሸኝህ የምልህን ስለማመድ ነበር የሰነበትኩት። ሕልምህ ነው፣ እንዴት ብዬ ልከልክልህ?»

አጠገቧ ቁጭ አለና ትከሻዋን አቀፈ። እሷም ነጠላ ጫማዋን አውልቃ እግሯን ጭኑ ላይ ሰቀለች።

«ናዖድ ቅዳሜ ሥራ አለው?» አለች ቆይታ።

«አለው። ዳሊ ሲቲ።»

«እኔም ኦፍ ነኝ፤ እመጣለሁ። ካሜራ ይዘህ ስትሮጥ አይቼህ አላውቅም።»