ከካሜራው ኋላ ያልኩት «ይማርዎ»

ከፌርፋክስ ሰፈር ትንሽ ወረድ ብሎ ባለ አፓርትመንት፣ ቤታቸው እየሄድኩ የምረዳቸው አንዲት ፈረንሳዊት አሮጊት አሉ። እትዬ እላቸዋለሁ። ተዋናይ ናቸው፤ «ነበሩ» ሲሏቸው አይወዱም። በአገራቸው መድረክ ላይ ጀምረው፣ ባላቸውን ተከትለው እዚህ ሆሊውድ ከመጡ በኋላ ፊልም ሠርተዋል። አንድም ጊዜ መሪ ተዋናይ ሆነው አያውቁም። የቤት ሠራተኛ፣ ጎረቤት፣ መነኩሲት፣ አክስት ሆነው ነው የኖሩት። ግድግዳቸው ላይ ባሉት ፖስተሮች ስማቸው ከታች ነው፣ በደቃቅ ፊደል።

በዐቢይ ጾም መጀመሪያ ላይ፣ ስልካቸው ዝም ካለ ከብዙ ጊዜ በኋላ ተደወለ። በአንድ ፊልም ውስጥ አያት እንዲሆኑ ነው። ሥራው የሁለት ቀን ነው፤ የመጀመሪያው ቀን ግን መፈተኛ እንደሆነ ሥራ የሚያፈላልግላቸው ወኪል አልደበቃቸውም። ዳይሬክተሯን እርጅናቸው አስፈርቷታል። ከተምታታባቸው ሌላ ሰው ትተካለች።

«የመጨረሻዬ ከሆነ በደንብ ይሁን» አሉኝ።

ለእመቤታችን ነግሬያት ስለነበር እኔ አልፈራሁም።

ልጄ ድራይቭ አድርጋ ኖርዝ ሆሊውድ አደረሰችን። «እማዬ፣ ሲቀረጽ ድምፅ የለም፣ ኦኬ?» አለችኝ።

«ከእኔ የባሰ ዝምተኛ የታለ?»

«ኦኬ፣ ግን ምርቃትም ድምፅ ነው።»

ስቱዲዮው ውስጥ ለቀረጻው የእራት ክፍል ሠርተዋል። እትዬ ጠረጴዛው ጥግ ላይ ተቀመጡ። ረጅሙ ንግግር የመሪዋ ተዋናይ ነው። እሳቸው መሃል ላይ ያስነጥሳሉ፣ ከዚያ «ቀጥይ፣ ልጄ» ይላሉ፤ በቃ። እኔ ከካሜራው ኋላ ቦርሳቸውን ይዤ ቆሜያለሁ።

አስነጠሱ።

«ይማርዎ» አልኩ። ልማድ ነው፤ ከአፌ ወጣ።

እትዬም ፊታቸውን ሳያዞሩ፣ በአማርኛ፣ «ያኑርሽ» አሉ።

ሁሉም ቆመ። ዳይሬክተሯ አጠገቧ ላለው ሰው ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ «ተምታታባቸው መሰለኝ» ስትል ሰማሁ። ጠጋ አልኳት።

«አልተምታታባቸውም። እኛ ሰው ሲያስነጥስ እግዜር ይማርህ እንላለን፤ እሱም ያኑርህ ብሎ ይመልሳል። ቤት ውስጥ ያስለመድኳቸው እኔ ነኝ። አሁንም እኔ ጀመርኩ፣ እሳቸው ጨረሱ።»

እትዬ ከወንበራቸው ሳይነሱ፣ «ልጄ፣ የእኔ ሥራ መመለስ ነው» አሏት። «ዕድሜዬን ሙሉ ሰው ሲናገር ሰምቼ መልሻለሁ። ጆሮዬ ደህና መሆኑን አሁን አላየሽም?»

ሰዉ ሳቀ። ዳይሬክተሯ ግን አልሳቀችም። «እንደገና» አለች።

ነጠላዬን አፌ ላይ ያዝኩ። ሥራቸውን በትክክል ያየሁት ያኔ ነው። መሪዋ መናገር ስትጀምር ሹካቸውን ቀስ ብለው አስቀመጡ፤ ዓይናቸውን ከእሷ ላይ አልነቀሉም። እሳቸው ስላዩዋት እኛም እሷን አየናት። ታቦት ሲወጣ ጥላ የሚይዘውን ማን ልብ ይለዋል? ጥላው ሲጎድል ግን ሁሉም ያውቃል።

አስነጠሱ። በልቤ ብቻ «ይማርዎ» አልኩ።

«ቀጥይ፣ ልጄ» አሉ። የመሪዋ ዓይን እንባ ሞላ። እንባው ጽሑፉ ላይ ይኑር አይኑር አላውቅም።

ዳይሬክተሯ መጥታ እጃቸውን ያዘች። «ነገ ጠዋትም እንፈልግዎታለን» አለቻቸው።

ተመስገን አልኩ።

ስንመለስ መኪና ውስጥ «ነገም ከእኔ ጋር ትመጫለሽ» አሉኝ።

«እመጣለሁ፣ እትዬ። ነገም ያስነጥሳሉ?»

«ነገ የምስቅበት ቀን ነው። ለሚስቅ ሰው የምትሉት ነገር አለ?»

«የለም።»

«እንግዲያው ደህና ነን» ብለው ጫማቸውን አወለቁ።