የባዶ ቤት ጭስ

ስማዳ ውስጥ በተወለድኩባት መንደር ዛሬ ሰው የሚያድረው በአክስቴ ቤት ብቻ ነው። ድሮ፣ እህል ሲወቃ፣ የአውድማው ጫጫታ ከሸለቆው ማዶ ይሰማ ነበር አሉ። የመኪናው መንገድ በሌላ በኩል ሲያልፍ ግማሹ ሰው ከተማ ገባ፤ ግማሹ ለሰሊጥ ሥራ መተማ ወርዶ እዚያው ቀረ። እኔም ወገዳ ከተማ አስተማሪ ነኝ፤ ሰው የምወቅስበት አፍ የለኝም።

የሄደ ሁሉ ቁልፉን ለአክስቴ ይሰጣል። የሣር ቤት ጭስ ካጣ ክዳኑ ይበሰብሳል፣ እንጨቱንም ምስጥ ይጨርሰዋል። ስለዚህ ጉልበቷን ይዛ እያቃሰተች በየተራ ትከፍትና እሳት ታነዳለች። ማን ሊመለስ ነው እንዲህ የምትለፊው ብዬ ስቆጣት፣ አደራ ነው ትለኛለች። እኔ ግን እነዚያ ቤቶች ውስጥ መግባት እጠላለሁ። ቀንበሩ እንደተደገፈ፣ ቁርበቱ መደቡ ላይ እንደተነጠፈ ነው። እሳቱ ሲያያዝ ባለቤቶቹ ከኋላዬ የቆሙ ይመስለኛል። ፈሪ ነኝ፣ ምን ላድርግ።

ከእነዚህ ቤቶች የአንዱ ባለቤት ጎልማሳ ነበር፤ መተማ ወርዶ ወሬው ጠፋ። ሚስቱ ጠብቃ ጠብቃ፣ ካቻምና ክረምት ቤቱን ዘግታ ወላጆቿ ዘንድ ገባች። ቁልፉ አክስቴ እጅ የደረሰው አምና ጥቅምት ላይ ነው። በደረሳት ቅዳሜ አብሬያት ነበርኩ፤ ጠዋት ከፍተን አነደድን።

ከቀትር በኋላ የጎልማሳው እናት በር ላይ ቆሙ። የሚኖሩት ከሸለቆው ማዶ፣ ከሴት ልጃቸው ጋር ነው። ያን ሁሉ ገደል ወርደው ወጥተዋል። እርጎ በቅል ይዘዋል፣ ላባቸው ይንጠባጠባል፣ ፊታቸው ግን ይስቃል።

«ልጄ መቼ ገባ?» አሉ።

ክው አልኩ። የተዘጋ ቤት ሲጨስ አይተው ነው የመጡት። አክስቴ እንደምንም አስረዳቻቸው፤ ሁለተኛ እዚህ ቤት እሳት አላነድም ብላ ማለች፣ አለቀሰች። እሳቸው አላለቀሱም። ገብተው መደቡ ላይ ተቀመጡ፣ ቁርበቱን በእጃቸው ዳበሱት። ከዚያ ወደ አክስቴ ዞሩ።

«ተይ፣ እንዳታቋርጪ። ማዶ ሆኜ ሳየው፣ ልጄ እሳት እየሞቀ ነው እላለሁ።»

እርጎውን መደቡ ሥር አስቀምጠው ሄዱ።

ዘንድሮ የአክስቴ ጉልበት ጨርሶ እምቢ አለ። ቅዳሜ ቅዳሜ ከወገዳ እየተነጫነጭኩ እመጣለሁ፤ ከሁሉ አስቀድሜ የምከፍተው ያንን ቤት ነው። ቅሉ እዚያው መደቡ ሥር አለ፤ አልነካሁትም። ማዶ፣ ደጃፍ ላይ፣ የእናትየው ነጠላ ነጭ ሆኖ ይታየኛል፤ ወደዚህ ዞረው ተቀምጠዋል። እሳቱ እስኪያያዝ ድረስ በሩን ከውስጥ ዘግቼ ጭሱን እውጣለሁ፤ እኔ መሆኔን እንዳያዩ።