ሳንድዊች የሚበላበት ለቅሶ

ባለፈው ቅዳሜ ለቅሶ ልደርስ አትላንታ አጠገብ ዱሉዝ ስሄድ፣ የሟቿ ልጅ ሶስና ዓይኗ ደርቆ በር ላይ ተቀበለችኝ። «እትዬ አልማዝ፣ ፕሊስ ቀስ ብለው ያልቅሱ፤ ጎረቤቶቻችን ፖሊስ ኮል ያደርጋሉ» አለችኝ። ሳቄ መጣ። በለቅሶዬ ሰው ሲደነግጥ ይህ የመጀመሪያው አይደለም።

ወጣት ሳለሁ፣ ክሊኒካቸው ውስጥ የሠራሁላቸው የካቶሊክ መነኮሳት አየርላንድ ልከውኝ ኖራ የምትባል የዘጠና ዓመት አሮጊት ሳስታምም ሁለት ክረምት ኖሬያለሁ። ክረምት ልበለው እንጂ እዚያ ዝናቡ ወር አይመርጥም። መንደሩ አንድ መንገድ፣ አንድ ቤተ ክርስቲያንና ሦስት መጠጥ ቤት ነው፤ የቀረው በግ። የሚያነዱት ከረግረግ ተቆርጦ የደረቀ አፈር ነው። ማይክል የሚባል ገበሬ ይህንኑ ማገዶ በየሳምንቱ ያመጣልን ነበር። «ዝናቡ በረታ» ይለኛል፤ «በረታ» እለዋለሁ። ትውውቃችን ይኸው ነበር።

ማይክል ሲሞት ከሰዓት በኋላ ኖራን ደግፌ ቤቱ ሄድኩ። ሳጥኑ ተከፍቶ ሳሎን መሀል ተጋድሟል። ዙሪያውን ሰው ሻይ ይጠጣል፣ የአሳማ ሥጋ ሳንድዊች ይበላል፣ ይባስ ብሎም ይስቃል። ምን በድሏቸው ነው? አንድ እንኳ የሚያለቅስለት ያጣ ሰው! እንዳሳደጉኝ ደረቴን እየደቃሁ፣ «ወይኔ ማይክልዬ! ማን ማገዶ ያምጣልን!» ብዬ አቀለጥኩት። በአማርኛ ስለሆነ የገባቸው ስሙ ብቻ ነው።

ሻይ ተደፋ። ውሻው ጠረጴዛ ሥር ገባ። ሚስቱ እኔን አየች፣ ሬሳውን አየች፣ እንደገና እኔን አየች።

«አንቺ ደግሞ የባሌ ምኑ ነሽ?»

መሬት ተሰንጥቃ ብትውጠኝ በወደድኩ። በዚያች መንደር ስሜ ከጠፋ ማን ቤት እገባለሁ? ኖራም ብትሆን ታባርረኛለች።

ኖራ ግን በምርኩዟ ወለሉን መታች። «ተያት! አያቴ የምታለቅሰው እንዲህ ነበር። ቄሶቹ እስኪከለክሉ ድረስ በዚህ መንደር ያለ አልቃሽ የተቀበረ ሰው አልነበረም። በይ ልጄ፣ ቀጥይ!»

ምን ምርጫ አለኝ፣ ቀጠልኩ። ሚስትየው ከንፈሯን ነከሰች፣ ሳህኗን አስቀመጠች፣ ከዚያ አቅፋኝ ተንሰቀሰቀች።

ስንመለስ ኖራ፣ «እኔን በሳንድዊች ብቻ እንዳይሸኙኝ። ቃል ግቢልኝ» አለችኝ። ገባሁላት። እሷ ግን አልሞት አለች፤ እኔም ዲቪ ደርሶኝ አትላንታ መጣሁ። መርዶዋን የሰማሁት ኮሌጅ ፓርክ ያለ ሆቴል ውስጥ አልጋ ሳነጥፍ ነው። ሱፐርቫይዘሬ ቆማ ታየኛለች። አንሶላዬን አነጠፍኩ።

ቅዳሜ ዕለት እንግዲህ ሶስናን እሺ ብዬ ገባሁ። ሰው ጸጥ ብሎ በወረቀት ሳህን ሳንድዊች ይበላል። ሳንድዊቹን ሳይ አልቻልኩም። «ወይኔ!» ያልኩትን ዱሉዝ በሙሉ የሰማው ይመስለኛል። ሶስና ሮጣ መጣች። ልትቆጣኝ ነው ስል አንገቴ ላይ ተጠምጥማ፣ እናቷ ከሞተች በሦስተኛው ቀን ለመጀመሪያ ጊዜ አለቀሰች። ፖሊስም አልመጣም።

«እማዬን ይህን ያህል እንደሚወዷት አላውቅም ነበር» አለችኝ።

እናቷን ያየኋት ሁለቴ ነው። እንባው የኖራ ነበር አላልኳትም፤ ለእናቷም ተርፏል።