ዓይናዲስ የማትቀምሰው ምግብ

ፊደል የቆጠርሁት የልጅ ልጄ ዓይናዲስ ባሕሬን ከሄደች በኋላ ነው። በስልክ የምትልክልኝን ጽሑፍ የጎረቤት ልጅ ሲያነብልኝ አንዳንዱን የሚዘለው ይመስለኝ ነበር። ስለዚህ የጎልማሶች ትምህርት ገባሁ። ራሴ ማንበብ ስጀምር የዘለለው ነገር አልነበረም። እሷው ናት የምትዘለው። «ደህና ነኝ» ብላ ከጻፈች በጣም ደክሟታል ማለት ነው።

ዓይናዲስ ጃናሞራ ውስጥ፣ ከመካነ ብርሃን ወዲህ ተወለደች። እናቷ ሳትጠግባት ስለ ሞተች ያሳደግኋት እኔ ነኝ። ለትምህርት ጎንደር ወረደች፤ ትምህርቱ አልሆነላትም። በደላላ ባሕሬን ሄዳ ሰው ቤት ስትሠራ ምግብ ማብሰል ለመደች። ስትመለስ ጎንደር አጠገብ ፀዳ ላይ ቤት ተከራየች። እኔም ጉልበቴ ዳገቱን እምቢ ስላለኝ ከደጋ ወርጄ አብሬያት ተቀመጥሁ።

ሥራ ፈልጋ አጣች። ክረምቱ ሲገባ ደላላው እንደገና መደወል ጀመረ። ዱባይ ጥሩ ቤት አለ ይላታል። እሷም እኔ እንዳልሰማ ደጅ ወጥታ ታናግረዋለች። አንድ ቀን አልጋዋን ሳነጥፍ ፓስፖርቷን ከትራሷ ሥር አገኘሁት። ባገኘሁበት መልሼ አስቀመጥሁት።

በፍልሰታ ጾም ጎንደር አራዳ ውስጥ ሊከፈት የተዘጋጀ ሆቴል ምግብ አብሳይ እንደሚፈልግ ሰማችና ሄደች። የወጥ ቤቱ ኃላፊ ስማቸው ይባላል። «ጥብስና ወጥ የሚሠራ ሞልቶኛል፤ ለውጭ አገር እንግዳ የሚሆን ምን ታውቂያለሽ?» አላት። ባሕሬን እመቤቷ ደጋግማ ታሠራት የነበረውን ነገረችው፤ ከሩዝ የተሠራ ቀጭን ኑድል፣ በካሪ ቅመምና በአትክልት የተጠበሰ፣ ሽሪምፕ የገባበት። የሆቴሉ ምድጃ ገና አልተተከለም። «ነገ ቤትሽ ሠርተሽ ለምሳ አምጪልኝ» ብሎ ኑድሉንና በረዶ የሆነውን ሽሪምፕ በፌስታል ሰጣት።

ማታ ፌስታሉን ከፍቼ አየሁ።

«ምንድን ነው ይኼ?»

«የባሕር ነው እምዬ።»

«ክንፍና ቅርፊት አለው?»

«የለውም።»

«እንግዲያ በእኔ ድስት አይገባም።»

«አውቃለሁ፤ እኔስ መች እበላዋለሁ? ግን በምን ልሥራው?»

ቤታችን ውስጥ ለብቻው የተሰቀለ አንድ መጥበሻ አለ። የጎረቤታችን የዘሃራ ነው እንላለን። ዘሃራ እስላም ናት። እኛ ያረድነው ሥጋ በነካው ዕቃ አትበላምና፣ ስትመጣ እንቁላል የምጠብስላት በዚያ ነው። በጠዋት ሄጄ ነገርኋት።

«ለተ ማርያም፣ ዛሬ ደግሞ ምን ልታበይኝ ነው?» አለችኝ።

«እኔ አይደለሁም፣ ዓይናዲስ ናት። መጥበሻሽን አውሺን፤ ቀምሰሽም ንገሪያት። እኛ ጾመኞች ነን፤ ባንጾምም አንበላውም።»

«የሚታረድ ነው?»

«አይታረድም። ከባሕር ነው።»

«ካልታረደማ ምን ቸገረኝ! እመጣለሁ።»

ዓይናዲስ ኑድሉን አልቀቀለችውም። የፈላ ውሃ አፍስሳበት ከእሳቱ አርቃ ተወችው። «እንደ ፓስታ ከቀቀልሁት ገንፎ ይሆናል» አለች። እንቁላሉን በስሱ ጠብሳ ቀጫጭን አድርጋ ቆረጠችው። ካሮት፣ ጥቅል ጎመን፣ ቃሪያ ከተፈች። ዘይቱ ሲግል ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል፣ ቀጥሎ ካሪውን ጨመረች፤ ቤቱን የእርድና የድንብላል ሽታ ሞላው። ሽሪምፑ ሙቀቱ ሲነካው ግራጫነቱ ለቆት ቀላ፤ ኩርምት አለ።

«ወይ ጉድ! ይኼስ በርዶት ነው» አለች ዘሃራ።

ኑድሉን ከትታ፣ ሶያ ሶስ አፍስሳ፣ ጨው ነሰነሰችና ወደ እኔ ዞረች።

«እምዬ፣ በቃው?»

የፋሲካን ዶሮ ስንሠራ ጾም ላይ ስለሆንን አንቀምስም፤ ጨው የጎደለውን ወጥ በሽታው እለየዋለሁ። ጎንበስ ብዬ አሸተትሁ። የማውቀው ሽታ አይደለም።

«አላውቅም ልጄ። እዚያ እንዴት ታደርጊ ነበር?»

«እመቤቴ ቀምሳ ትነግረኝ ነበር።»

ለዘሃራ በሳህን አወጣችላት። ዘሃራ ቢስሚላህ ብላ ጎረሰች፤ አላመጠች።

«ሸጋ ነው! ወላሂ ሸጋ ነው። እጅሽ ይባረክ።»

ዓይናዲስ ፊቷ በራ። ምሳ ዕቃውን ልታጥብ ተነሣች። እኔ ዘሃራን አያለሁ። ውሃ ጠጣች። ደግማ ጎረሰች፤ ደግማ ጠጣች። ዘሃራ የሰው ምግብ ነቅፋ አታውቅም። እኔም እሷ ቤት ገብቼ ነቅፌ አላውቅም።

«ዘሃራ፣ ምነው ውሃ አበዛሽ?»

«ጠማኝ።»

«በዚህ ዝናብ?»

ብርጭቆውን እንደገና አነሣች።

«አንቺ ሴት፣ ልጄ ዱባይ ትሂድብኝ ነው የምትይ?»

ሹካውን አስቀመጠች። «ጨው ነው፤ ምላሴን ላጠው። ልጅቷ እንዲህ ደክማ ምን ብዬ ልናገር?»

ዓይናዲስ ምሳ ዕቃውን እንደያዘች ቆመች። «ሽሪምፑ ራሱ ጨው አለው፤ ሶያ ሶሱም አለው» አለች። ደግነቱ ከሁሉም ግማሹን አስቀርታ ነበር። ሰዓቱ ግን እየሄደ ነው። መጥበሻውን አጥባ ውሃ ጣደች።

«እትዬ ዘሃራ፣ አሁን እንግዳ አይደለሽም። እውነቱን ንገሪኝ።»

«ኋላ እንዳትቀየሚኝ።»

ሁለተኛው ላይ ጨው አልነካችም። ዘሃራ ደግሞ አንዴ መንቀፍ ከጀመረች ጣማት። ካሮቱ አልበሰለም አለች፤ ተመልሶ ተጣደ። ቃሪያው አንሷል አለች፤ ተጨመረ። በመጨረሻ ሳህኑን ጠራርጋ በላች፤ ውሃውን ዞራም አላየችው።

«ውሰጂው» አልኋት ለዓይናዲስ።

በባጃጅ በዝናብ ሄደች። እኔ ለቅዳሴ ወጣሁ። ከቅዳሴ ስመለስ ስልኬ ላይ ጽሑፍ አገኘሁ። «ተቀጠርሁ። በጣም ደክሞኛል» ይላል። ሁለት ጊዜ አነበብሁት። ደህና ነኝ የሚል የለበትም።

ማታ ለእኔና ለዘሃራ የሆነውን ሁሉ ነገረችን። ስማቸውም ጾመኛ ስለሆነ አልቀመሰም፤ የበላው ሆቴሉን የሚያሠራው የውጭ አገር ሰው ነው፤ ምንም ሳያስተርፍ። ስማቸው «ሳትቀምሺ ጨውን በምን አወቅሽ?» ቢላት፣ «ጎረቤታችን ውሃ መጠጣቷን ስትተው» አለችው። ከመስከረም እንድትጀምር ነገራት። ይህን እያወራችልን ፓስፖርቱን ከትራሷ ሥር አውጥታ ሻንጣው ውስጥ ከተተችው።

የልጅ ልጄ ለእንጀራዋ የምትሠራውን እኔ መቼም አልቀምሰውም። ስለዚህ ዘሃራን ጠየቅኋት።

«ለመሆኑ ምን ምን ይላል?»

አሰብ አደረገች። «ዓሣ አይልም፣ ዶሮም አይልም። ጣፈጥ፣ ከዚያ ቃጠል ያደርጋል። ሸጋ ነው። ግን ለተ፣ እኔ ሽሮዬ ይሻለኛል።»

«እትዬ ዘሃራ!» አለች ዓይናዲስ።

«ምነው? እውነቱን ንገሪኝ አላልሽም?»