የአሥራ ስድስት ቤት መሐል

አባቴ ከአንኮበር ወደ ደብረ ብርሃን የመጡት እናቴ በሞተች በሁለተኛው ዓመት ነው። ዕድሜያቸውን ሙሉ በአንዲት የገጠር ደብር በቅስና ሲያገለግሉ ኖረው በመጨረሻ ጉልበታቸው ቅዳሴ መቆም ከለከላቸው። እዚያው አንኮበር፣ ጎረቤላ ያለው ወንድሜ «እኔ ጋ ይሁኑ» ብሎ ነበር። እኔ ግን ሐኪም ይቀርባቸዋል ብዬ ተከራክሬ አመጣኋቸው። እውነቱን ለመናገር ብቻዬን መኖር ሰልችቶኝ ነበር። የሠራሁትንም እንዲያዩልኝ እፈልግ ነበር።

ሥራዬ የቤትና የሰፈር ንድፍ ነው። ዩኒቨርሲቲ ሳለሁ አንድ መምህራችን ሰሌዳው ላይ ክብ በክብ እየደረበ የአትክልት ከተማ የሚባለውን ሐሳብ አስተምሮናል። መሐሉ መናፈሻ፣ ዙሪያውን ቤቶች፣ ከቤቶቹ በእግር የሚደረስ የሥራ ቦታ፣ ከዚያ ወዲያ ደግሞ ከተማው ያለ ልክ እንዳይሰፋ የሚገታው የእርሻ መቀነት። ጓደኞቼ በልባቸው የያዙት ዛፉንና አበባውን ነው። እኔ ግን መምህሩ ሰሌዳውን እያጠፋ የተናገረው አልለቀቀኝም። «አበባው ጌጥ ነው» አለን። «ዋናው መሬቱ የሁሉም መሆኑ ነው። እሱ ከቀረ የሚቀረው ሥዕል ብቻ ነው።»

ደብረ ብርሃን ሥራ ይዤ ጥቂት ዓመት እንደቆየሁ አሥራ ስድስት ሆነን የቤት ማኅበር አቋቋምን። መሬቱ የደረሰን ከከተማው ጫፍ፣ የገብሱ ማሳ ከሚጀምርበት ላይ ነው። ንድፉን እንድሠራ ለእኔ ሲሰጡኝ ሊቀመንበራችንን፣ ጡረታ ለመውጣት የተቃረቡትን የሂሳብ መምህር፣ ቤታቸው ሄጄ አነጋገርኳቸው።

«ጋሼ፣ ሁላችንም ከጓሯችን ትንሽ ትንሽ ቀንሰን መሐል ላይ ብናዋጣውስ?»

«አዋጥተን ምን እናድርገው ትያለሽ?»

«የጋራ ይሁን። አጥር አይኖርም፤ የሁሉም ቤት በር ወደ መሐል ይከፈታል።»

የሣልኩበትን ወረቀት ወደ መስኮቱ አስጠግተው በደንብ አዩት። «ልጆቹ ከዓይናችን አይጠፉም ማለት ነው» አሉ። አባላቱን አንድ በአንድ ያሳመኑት እሳቸው ናቸው እንጂ እኔ አይደለሁም። እኔ ያደረግሁት ቢኖር ያለ አሥራ ስድስታችንም ፊርማ ቦታው እንዳይነካ የሚል አንቀጽ ደንቡ ውስጥ ማስገባት ነው።

ቤቶቹ አልቀው ስንገባ ቦታው ድንጋይና እሾህ ነበር። ስም እንኳ አላወጣንለትም፤ «መሐል» ነበር የምንለው። ልጆቹ መሐል ናቸው፤ ልብስ መሐል ተሰጥቷል፤ ስብሰባው መሐል ነው። የአንዷ ጎረቤታችን ልጅ ስትዳር ድንኳኑ እዚያ ተተከለ። የሌላው ወንድም ሲሞትም ለቅሶ የተቀመጥነው እዚያው ነው። እንግዳ መጥቶ «አጥር ሳታጥሩ እንዴት ትኖራላችሁ?» ሲል መሐሉን እያዞርኩ አሳየው ነበር።

አባቴ በመጡ በሳምንታቸው ዙሪያውን አዩና «ይሄ ቦታ ባለቤት የለውም እንዴ?» አሉኝ።

«አለው፤ የአሥራ ስድስታችንም ነው።»

«የሁሉም ከሆነ ማን ይቆፍረዋል?»

በማግሥቱ ከጎረቤት ዶማ ተውሰው ወጡ።

ቆመው መሥራት ስለማይችሉ በርጩማ ይዘው ይወጡና ተቀምጠው ይኮተኩታሉ። አንድ ክንድ ያህል ሲጨርሱ በርጩማቸውን ገፋ አድርገው ይቀጥላሉ። መጀመሪያ ጎመንና ድንች አበቀሉ፤ የደረሰውን ልጆቹ ለየቤቱ ያድሉታል። ቀጥሎ ወንድሜ ከጎረቤላ በሚመጣ መኪና የጽድና የኮሶ ችግኝ ላከላቸው። ከችግኝ ጣቢያ ደግሞ አፕል ገዛሁላቸው። ኅዳር ሲገባ ውርጩ እንዳይገድላቸው ፀሐይ ሳትጠልቅ በጭድና በከረጢት እየሸፈኑ፣ ጠዋት ቀኑ ሲሞቅ ይገልጡላቸዋል። ከጎናችን የምትኖረው የፋብሪካ ሠራተኛ ከሥራ ስትመለስ ልብሷን ሳትቀይር በጀሪካን ውኃ ታመጣላቸዋለች። «አባታችን፣ ዛሬ የትኛው ነው የጠማው?» ስትላቸው በከዘራቸው ይጠቁማሉ።

አንድ ከሰዓት በኋላ የድሮ ንድፌን አውጥቼ ስለ አትክልት ከተማ ነገርኳቸው። ክቦቹን በጣታቸው ተከትለው ሲጨርሱ «ይሄማ የእኛ ደብር ነው» አሉ። «መሐሉ ቤተ ክርስቲያኑ፣ ዙሪያው ደኑ፣ ከዚያ ወዲያ እርሻው። ደኑን ማንም የእኔ ነው ስላላለ ነው እስከ ዛሬ የቆመው።» ያን ቀን የተደሰትኩትን ያህል ዲግሪዬን ስቀበልም አልተደሰትኩም።

ከተማው ግን ባሰብነው ልክ አልቆመም። ፋብሪካው በዛ፤ ተማሪውና ሠራተኛው በዛ፤ የሚከራይ ክፍል ፍለጋ በየበራችን የሚያንኳኳው ሰው በዛ። የገብሱ ማሳ ቤት ሆነ። መሐላችን ከሩቅ ሲታይ ባዶ ቦታ መምሰል ጀመረ። በዚያው ሰሞን የሊቀመንበራችን ልጅ ሥራውን አጥቶ ሚስቱንና ሕፃን ልጁን ይዞ አባቱ ቤት ገባ። በሚቀጥለው ስብሰባ መሐሉ ለአሥራ ስድስት ተከፍሎ ሁሉም በድርሻው ክፍል ይሥራበት የሚል ሐሳብ ቀረበ።

እኔ ተቃወምኩ። ወደ ላይ መሥራት ይቻላል፣ ንድፉን እኔ እሠራላችኋለሁ አልኩ። መሠረቱ ፎቅ እንደማይሸከም ከእኔ በላይ የሚያውቅ አልነበረም።

ሊቀመንበሩ ወደ እኔ ዞሩ። «ንድፍሽን ጠልቼው አይደለም» አሉ። «ልጄ ሚስቱንና ሕፃኑን ይዞ ሳሎኔ ወለል ላይ ነው የሚተኛው። የልጅ ልጄን የማስተኛበት አጥቼ ስለ ጎመን መደብ ትነግሪኛለሽ?»

ማንም አልጮኸብኝም፤ ማንም አልሰደበኝም። በሁለት ወር ውስጥ አሥራ አራቱ ፈረሙ። ከዚያ ጎረቤቴ የፋብሪካ ሠራተኛዋ መጥታ እያየችኝ ሳይሆን መሬት መሬት እያየች «አንድ ክፍል ባከራይ ከፈረቃ ሥራ እገላገላለሁ፤ እግሬ አብጧል» አለችኝና ሄዳ ፈረመች። ብቻዬን ቀረሁ። ሰላምታው አልተቋረጠም፤ ግን ቀዘቀዘ። ታምሜ አራት ቀን ስተኛ በሬን ያንኳኳ የለም። አንድ ጠዋት ውኃ ስንቀዳ የሊቀመንበሩ ምራት ሕፃኗን አዝላ ከጎኔ ቆመች። «እትዬ፣ እስኪ አንድ ቀን እኛ ቤት ይደሩ» አለችኝ። በቁጣ አልነበረም፤ ደክሟት ነው። በዚያው ሳምንት፣ ሰኔ መግቢያ ላይ፣ ሄጄ ፈረምኩ። ሥራው ከመስቀል በኋላ እንዲጀመር ተስማማን።

መሐሉ እንደሚከፈል ለአባቴ አልነገርኳቸውም። ዛሬ ማታ እነግራቸዋለሁ እላለሁ፤ ራት ስንቀርብ ስለ አንዱ ችግኝ ያነሳሉ። ነገ እላለሁ። ጎረቤቶቹ እኔ እንደነገርኳቸው አድርገው ስላሰቡ ማንም አላነሳባቸውም። ክረምቱን ሙሉ በጃንጥላ ተጠልለው ሲያርሙ በመስኮት አየኋቸው። ነሐሴ ላይ ጭቃ የሞላው ጫማቸውን ደጃፍ ላይ እያወለቁ «ዘንድሮ ሥር ይዘዋል፤ ከእንግዲህ አይሞቱም» አሉኝ። «ደስ ይላል አባባ» አልኳቸው።

ጥቅምት ላይ ቀያሾች መጥተው ችካል ተከሉ፤ ገመድ ዘረጉ። አባቴ ወደ ቤት ገብተው ወንበር ላይ ተቀመጡ።

«ሊካፈሉት ነው አሉ» አሉኝ።

«አዎ አባባ።»

«ሁሉም ተስማምተው?»

«አብዛኛው።»

«አንቺስ ፈረምሽ?»

«እኔ አልፈረምኩም» አልኳቸው። ለምን እንደዋሸሁ ዛሬም በትክክል አላውቅም። ቃሉ ከአፌ የወጣው ሳላስበው ነው፤ ከወጣ በኋላ ግን መመለስ እችል ነበር፤ አልመለስኩትም።

በማግሥቱ ሥራ ሄጄ ሳለሁ ሦስት የጽድ ችግኞችን ራሳቸው ሊነቅሉ ሞክረዋል። መሬቱ ደርቆ ሥሩ ተበጠሰባቸው። ነቅለው በቆርቆሮ የተከሏቸው በሳምንቱ ቀይ ሆነው ደረቁ። የቀሩትን ግንበኞቹ ለመሠረት ሲቆፍሩ ከአፈሩ ጋር አወጧቸው። አባቴ የዚያን ቀን ከቤት አልወጡም። ከዚያ አንድ ጠዋት ከዘራቸውን ይዘው ወደ ሊቀመንበሩ ቤት ሄዱ። በምሳ ሰዓት ስመጣ ምግቡን እንደወትሮው ባርከው በሉ፤ ከዚያ «ወደ አገሬ ውሰጂኝ» አሉኝ። እንዲቆዩ ለመንኳቸው። «ብርዱ ከብዶኛል» አሉ። አንኮበር ከደብረ ብርሃን የሚሞቅ ይመስል።

በሚኒባስ ጎረቤላ እስክንደርስ የተናገሩት ስለ መንገዱ ብቻ ነው። ወንድሜ ቤት ደጃፍ ላይ እቃቸውን ሳወርድ እጄን ያዙኝ።

«ፊርማሽን ከነቀኑ አየሁት» አሉ። «ሊቀመንበራችሁ ወረቀቱን ሲያሳዩኝ አልፈረመችም ብዬ ተከራክሬያቸው ነበር።»

እጄን ሳይለቁ ቀጠሉ።

«አትፈርሚ አልልሽም ነበር። ሕፃን መተኛ አጥቶ ችግኝ ላብቅል የምል ሰው አይደለሁም። በሰኔ ብትነግሪኝ ግን በክረምቱ ነቅዬ እዚህ አመጣቸው ነበር። በዝናብ ቢሆን ይጸድቁ ነበር።»

ጎንበስ ብዬ ጉልበታቸውን ሳምኩ፤ «ይቅር ይበሉኝ» አልኳቸው። መስቀላቸውን ከኪሳቸው አውጥተው ግንባሬን ነኩኝና «እግዚአብሔር ይፍታሽ» አሉኝ። ለማንም፣ ጎንበስ ላለ ሁሉ የሚሉት ነው። እንደ አባት የሚሉኝን ጠበቅሁ። እቃቸውን አንስተው ገቡ።

ከዚያ በኋላ በየወሩ እየሄድኩ እጠይቃቸው ነበር። ሁልጊዜ ከመቀመጫቸው ተነስተው ይቀበሉኛል፤ እንደ እንግዳ። መንገዱ እንዴት ነበር፣ ደህና ገባሽ ይሉኛል። ወደ ደብረ ብርሃን እንመለስ ብዬ አንድ ጊዜ ጠይቄ «እዚህ ይሻለኛል» ብለውኛል። ሚያዝያ ላይ፣ ከፋሲካ በኋላ፣ አረፉ።

ጎረቤቶቼ መኪና ተከራይተው ሁሉም ለቀብር መጡ። የፋብሪካ ሠራተኛዋ ከእኔ በላይ አለቀሰች። ሊቀመንበሩ ሳጥኑን ካልተሸከምኩ ብለው በዚያ ዕድሜያቸው ትከሻቸውን ሰጡ። እሳቸውን መጥላት ፈልጌ አልቻልኩም። የልጅ ልጃቸው ዛሬ አልጋ ላይ ነው የሚተኛው። ደብረ ብርሃን ተመልሰን ለቅሶ ስንቀመጥ ድንኳን የምንተክልበት ስላልነበረ በኮብልስቶኑ መንገድ ላይ ተከልነው፤ ባጃጅ ባለፈ ቁጥር ሰው ወንበሩን እያነሳ ያሳልፋል።

የእኔ ድርሻ በሦስት ግንብ የተከበበ ጠባብ ቁራጭ ነው። ክፍል አልሠራሁበትም። ጎመን ብዘራበትም ፀሐይ የሚያገኘው እኩለ ቀን ላይ ጥቂት ብቻ ስለሆነ ቢጫ ሆኖ ቀረ። ሥራዬን አልተውኩም። አዳዲስ ማኅበራት አሁንም ንድፍ ሊያሠሩ ይመጣሉ፤ አንዳንዱ «መሐል ላይ ምን እንተው?» ብሎ ይጠይቀኛል። «መንገድ» እላቸዋለሁ።

ለአርባቸው ጎረቤላ ሄጄ ሰው ከተበተነ በኋላ ከወንድሜ ጋር ደጃፍ ላይ ተቀመጥን። በመጨረሻ ቀናቸው ምን ይሉ እንደነበር ጠየቅሁት።

«ስለ ሰፈራችሁ ሰው ያነሱ ነበር» አለኝ። «የፋብሪካዋ ሴት እግር ተሻላት ወይ ይላሉ። የሊቀመንበሩ የልጅ ልጅ መራመድ ጀመረ ወይ ይላሉ። ልጆቹን በየስማቸው እየጠሩ ይጠይቁ ነበር።»

«ስለ እኔስ?»

ወንድሜ ፊቱን ከፊታችን ወዳለው ገደል አዞረ። «አንቺማ በየወሩ ትመጪ ነበር፤ ምን ብለው ይጠይቁ?» አለኝ።

ጭጋጉ ከቆላው እየወጣ አጥሩን ሸፈነው። ወንድሜ ተነስቶ የተዋሳቸውን ወንበሮች ለጎረቤት ሊመልስ ሄደ፤ እኔም አብሬው ተሸክሜ ሄድኩ።